የመብራት ሂሳብ

ቂርያት ጋት፣ ከባቡሩ ማዶ፣ ሦስተኛው ፎቅ ላይ፣
የብረት በር ያለው ክፍል አለኝ፤ ከሰማይ
የሚወርደው እንዳይገባ ብለው የሠሩት፤
አንድ ፍራሽ፣ የውሃ ጀሪካን፣ ሊያት ከሠራዊት
ስትሰናበት የተወችልኝ ላፕቶፕ ኮምፒውተር።
እዚያ ነው የምጽፈው፣ ሰው ሲተኛ፣ ዘግቼ በር።

ምን እንደምጽፍ? እናንተ ሩቅ ናችሁ፤ ስድብ ነው።
ቤት የሚመታ፣ እንደ ወርቅ በሚዛን የተመዘነው።
ስለ ልጄ ባል አለ፣ ሆዱ ከደሞዙ ስለሚቀድም፤
ስለ ብርቱካን ማሸጊያው አለቃ፣ ስለ ሞሪስም፤
ሃያ ዓመት «ኢላና» ሲል የኖረ፣
እንጓዳይ የሚባል ሰው እንደሌለ የቆጠረ።
ስለ ጎረቤቴ ስለ ዘውድነሽማ፣ አሥራ አራት ስንኝ፤
(ካነበበችው ለቅሶዬም አትደርስልኝ።)

ታዲያ የሷኑ ልጅ፣ ኤልያቭን ጠራሁት፤
የእናቱን ስድብ እንዲደብቅልኝ፣ እስኪጠግብ አበላሁት።
«ቀላል ነው» አለ፤ ትንሽ ሳጥን ውስጥ ምልክት አኖረ፤
አቃፊው እንደ ጤዛ ሳሳ፣ ሳሳና ተሰወረ።
እፎይ ልል ስል «ቆይ» አለና ሌላ ሳጥን ነካ።
ለካ
የተደበቀ ሁሉ «ውጣ» ሲሉት ይወጣል፤
እንደ ልጅ ድብብቆሽ፣ ከመጋረጃው ሥር እግሩ ይታያል።
«መደበቅ መቆለፍ አይደለም እኮ፣ እማማ» አለኝ በዕብራይስጥ፤
«ቃል ያስፈልጋል፣ ካንቺ በቀር ማንም የሌለው በልቡ ውስጥ።»

ስም አይሆንም አለ። የልደት ቀንም አይበጅ።
«የትኛው ልደት?» አልኩት፤ «እኔ የተወለድኩት ባቄላ ሲያብብ ነው፣ አንተ ልጅ!
መታወቂያዬ ላይ ያለው ጃንዋሪ አንድ፣ ሰፈሩ ሁሉ የሚጋራው፣
ጸሐፊ በአንድ እስክሪብቶ፣ በአንድ ከሰዓት የሠራው።»
«አንዱ ፊደል ትልቅ፣ ሌላው ትንሽ ይሁን» አለኝ ቀጥሎ፤
ሳቄ መጣ። በእኛ ገበታ ሀሌታው ከሐመሩ እኩል ቆሟል፣ ትከሻው ተስተካክሎ፤
ትልቅ ትንሽ የሚባባለው ሰው ነው እንጂ።

አሰብኩ፣ አሰብኩና አንድ ቃል አገኘሁ። አልነግራችሁም።
ከሟች ባሌ ከአጣናው ጋር የምንጠራራበት፤ ለማንም
ያልወጣ። በሰው ፊደል፣ ጫፉ ላይ ሁለት ቁጥር ጨምሬ፣
ጻፍኩት፤ የልጁን ፊት ወደ ግድግዳ አዙሬ።
«ከረሳሽው» አለ፣ «እኔም አልከፍተው፣ የሠራውም አይከፍተው።»
ለአቃፊው «የመብራት ሂሳብ» የሚል ስም አወጣሁለት፤ የመብራት ሂሳብ ማን ወዶ ሊያየው!

ከወር በኋላ፣ ሰንበት ሲወጣ፣ ሊያት መጣች ፎቶ ልትወስድ፤
«አያቴ፣ ይኼ ምንድን ነው?» አለች፤ ልከልላት ተነስቼ ስንገዳገድ፣
ቁልፉ ሳይነካ፣ ሳልዘጋ የረሳሁትን ገጽ ነው ያገኘችው፤
የዘውድነሽን፣ ሙሉውን፣ እንደተሰጣ በርበሬ ቀልቶ፣ ፊት ለፊት አየችው።
ዓይኗን ከላይ እስከ ታች፣ ቀስ ብላ አወረደች፤
«እንዴት ያምራል! ጥልፍ ይመስላል» ብላኝ፣ ፎቶዋን ይዛ ሄደች።

ጥልፍ።
ያ ሁሉ መርዝ፣ ሌሊት ያነጠርኩት።
ለካ ቁልፉ ቀድሞም ነበረ፤ እኔው ነኝ የከረቸምኩት፤
ልጆቼን «የእኛን ተዉት፣ የሰዉን አጥኑ» ያልኩ ዕለት።

ብርሃኑ ፊቴ ላይ እንደበራ ቁጭ ብዬ ቆጠርኩ፤
በዚህ ሕንፃ ፊደል የሚያነብ ማነው? አራተኛውን አሰብኩ፣
የለም፤ ሁለተኛውን፣ ሞተዋል፤ ግራ ቀኙን ቃኘሁና
አንዲት ቀረች፤
አንደኛ ፎቅ፣ ከደረጃው ሥር፣ መነጽሯን ባንገቷ ያንጠለጠለች።

ጠዋት ቃሉን ከአቃፊው ላይ ፈታሁት፤
ላፕቶፑን እንደ ሕፃን አቅፌ ደረጃውን ወረድኩት።
ጉልበቴ ይንቀጠቀጣል፤ ከእርጅና ነው ልበል?
ሦስት ጊዜ አንኳኳሁ። «ማነው?» አለች ከውስጥ። «እኔ ነኝ፣ እንጓዳይ፤
መነጽርሽን አድርጊ።»